ለሌቫን ፓታሽቪሊ የፊልም ምሽት ለደረሳችሁልን ሁሉ

ውድ ወዳጆቻችን፣

ቅዳሜ ማታ የጆርጂያዊውን ሲኒማቶግራፈር (የፊልም ካሜራ ባለሙያ) የሌቫን ፓታሽቪሊን ሥራዎች አብረን አየን። ዝግጅቱ ሊቀር ምንም አልቀረውም ነበር። ልናሳይበት የነበረው አዳራሽ በዋዜማው "አይቻልም" አለን። ያኔ የካፌያቸውን ፎቅ ያለ አንዳች ክፍያ የለቀቁልን እትዬ፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። በፊልሙ መሀል መብራት ሲሄድ ጀነሬተር ተሸክማችሁ ደረጃ የወጣችሁ የጋራዡ ልጆች፣ ምን ብለን እንደምናመሰግናችሁ አናውቅም። የአትላንታዋ ጆርጂያ መስሏችሁ የመጣችሁም ነበራችሁ። እስከ መጨረሻው ስለቆያችሁ እናንተንም እናመሰግናለን።

ያኔ ሶቪየት ኅብረት ተምራችሁ የመጣችሁ አባቶች ደግሞ ትልቁን ሥራ ሠርታችሁልናል። የሩሲያኛውን ቅጂ እየሰማችሁ በአማርኛ ነገራችሁን፣ ልጆቹ ሰብታይትል አደረጉት። ያለ እናንተ ሥዕል ብቻ አይተን እንበተን ነበር። ሥዕሉም ቢሆን ብቻውን ይበቃ ነበር ባይ ነኝ፣ ግን እሱ የኔ አመል ነው።

ከሁሉ በላይ ምስጋናው ለራሱ ለፓታሽቪሊ ነው። በ1926 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) በጆርጂያ ዋና ከተማ ትቢሊሲ ተወለደ፣ ሙያውን በሞስኮው የሲኒማ ተቋም ተማረ። ስሙ የገነነው ሞስኮ ውስጥ በተሠሩ ትልልቅ ፊልሞች ነው። በ1970 ከሩሲያዊው ደራሲ ከቡልጋኮቭ ተውኔት የተሠራውን "ሽሽት" ቀረጸ። ከሩሲያ የእርስ በርስ ጦርነት ሸሽተው በሰው አገር የሚንከራተቱ ሩሲያውያን ታሪክ ነው። በ1974 ደግሞ ከዳይሬክተሩ ከኮንቻሎቭስኪ ጋር "የፍቅረኞች ሮማንስ"ን ሠራ። ሞቷል የተባለ ወታደር ሲመለስ ልጅቷ አግብታለች። እስከዚያ በቀለም ያበደው ፊልም ከዚያ በኋላ ጥቁርና ነጭ ይሆናል። ቅዳሜ ይህ ክፍል ሲታይ ቤቱ ጸጥ አለ። "ፕሮጀክተሩ ተበላሸ" ብሎ የጮኸው ልጅ ብቻ ነበር፤ ይቅር ብለነዋል። ስለ ሳይቤሪያ የሚተርከው፣ እሱው የቀረጸው "ሲቤሪያድ" ከ4 ሰዓት በላይ ስለሆነ ቆንጥረን ነው ያሳየነው። በ1979 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የዳኞቹን ታላቅ ሽልማት ያገኘ ፊልም ነው።

ይህን ሁሉ የሳይቤሪያ ጫካና ሰማይ የቀረጸ ሰው በ1983 ከዳይሬክተሩ ከኤልዳር ሼንጌላያ ጋር "ሰማያዊ ተራሮች"ን ሲሠራ ካሜራውን አንድ የመጻሕፍት አሳታሚ ድርጅት ውስጥ አስገባ። ኮሪደር፣ ጠረጴዛ፣ ደረጃ፤ በቃ ይኸው ነው። ለኔ ግን ከሥራዎቹ ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው። አንድ ደራሲ ጽሑፉን ይዞ ከቢሮ ቢሮ ይዞራል። ሁሉም በትህትና ይቀበሉታል፣ የሚያነብለት ግን የለም። አንዱ ቼዝ ይጫወታል፣ ሌላው የግሪንላንድ ሥዕል ከግድግዳው ወርዶ አናቴን ይለኛል ብሎ ይሰጋል። ግድግዳው ይሰነጠቃል። ወቅት ይለወጣል፣ መልሱ ግን ያው ነው። ካሜራው ለሳቅ ብሎ ምንም አይጨምርም። ተቀምጦ እንደሚጠብቅ ባለጉዳይ ዝም ብሎ ያያል። ለዚህ ነው እንዲህ የሚያስቀው። እንደ "ሲቤሪያድ" ሰፊ ሆኖ ሊታይ ይችል ነበር፤ ሰውዬው ግን ችሎታውን ማሳየት አላስፈለገውም።

እኛ አገር የካሜራ ባለሙያ ስም ከፊልሙ መጨረሻ ላይ፣ ሰው ተነስቶ እየወጣ እያለ ነው የሚያልፈው። ቅዳሜ ግን ስሙ ሲመጣ ቁጭ ብላችሁ አጨበጨባችሁ። አዳራሽ ያጣንበት ንዴት ያኔ ወጣልን።

ካፌው ጋ የተረሳ ጃንጥላና የልጅ ሹራብ አለ፣ መጥታችሁ ውሰዱ። ወንበር ያዋሳችሁን ጎረቤቶች፣ ነገ እናመጣለን። የአሳታሚ ድርጅቱን "ነገ" ግን አይደለም፣ የምር ነገ።

አዘጋጆቹ