የላሊበላ ቦዮችና የመሬት ውስጥ መተላለፊያዎች አስጎብኚ ይፈልጋሉ፦ ለኢትዮጵያ ቅርስ ባለሥልጣን የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለኢትዮጵያ ቅርስ ባለሥልጣን
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ በላሊበላ የሚሰጠው የማስጎብኘት አገልግሎት ቦዮችን፣ የመሬት ውስጥ መተላለፊያዎችንና የፍልፈላውን ታሪክ እንዲያካትት ስለመጠየቅ

ክቡራን የባለሥልጣኑ ኃላፊዎች፣

ስለ ላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት ለመሥሪያ ቤታችሁ የሚደርሱት ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ስለ ግድግዳዎቹ መሰነጣጠቅ፣ ስለ ክረምት ውኃ ስርገትና እ.ኤ.አ. በ2008 ተጠናቀው አምስቱን አብያተ ክርስቲያናት ስለሸፈኑት አራት መጠለያዎች እንደሚያወሱ እገምታለሁ። እነዚህ ሁሉ ተገቢ ጥያቄዎች ናቸው፤ እኔ ግን ዛሬ የማመለክተው ስለ አስጎብኚነቱ ነው። የታሪክ መምህር እንደመሆኔ ተማሪዎችን ይዤ ወደ ስፍራው ስመላለስ የታዘብኩት፣ ጎብኚው አሥራ አንዱን አብያተ ክርስቲያናት አዳርሶ ሲወጣ ስለ ሕንፃዎቹ ብዙ ሰምቶ፣ ሕንፃዎቹ ስለተፈለፈሉበት ምድር ግን ከሞላ ጎደል ምንም ሳይሰማ እንደሚመለስ ነው።

የጉብኝቱ ቅደም ተከተል የታወቀ ነው። ብዙውን ጊዜ ከቤተ መድኃኔ ዓለም ይጀመራል፤ ርዝመቱ ከ33 ሜትር እንደሚበልጥ ይነገራል፣ በዙሪያው የቆሙት ዓምዶች ይታያሉ። ወደ ቤተ ማርያም ይታለፍና በጨርቅ ተሸፍኖ ስለሚኖረው ዓምደ ብርሃን ይወሳል። ቤተ መስቀል፣ ቤተ ደናግል፣ ቤተ ሚካኤልና ቤተ ጎልጎታ ይከተላሉ፤ በላሊበላ ዮርዳኖስ ከሚባለው ወንዝ ማዶ ያሉት ይጎበኙና መጨረሻ ላይ በቤተ ጊዮርጊስ አፋፍ ቆሞ ፎቶግራፍ መነሳት ይመጣል። ከአንዱ ወደ ሌላው በሚያሻግረው ቦይ ውስጥ ሲታለፍ አስጎብኚው ወይ ዝም ይላል፣ ወይ «እግራችሁን ተጠንቀቁ» ይላል። እንግዲህ ያ ቦይ ራሱ የታሪኩ ግማሽ ነው።

የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ከተለመደው ሕንፃ የሚለዩት በማንሳት እንጂ በመጨመር ባለመሠራታቸው መሆኑን ማንም ያውቃል። የሥራው ሂደት ግን የሚነበበው ከቤተ መቅደሱ ውስጥ ሳይሆን ከቦዮቹ ግድግዳ ላይ ነው። በምሥራቁ ክፍል በተለይም በቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል፣ በቤተ መርቆሬዎስና በቤተ አማኑኤል አካባቢ ልብ ብሎ ያየ ሰው፣ ከመሬት እጅግ ከፍ ብለው ወደ ባዶ አየር የሚከፈቱ በሮችን፣ መሐል ላይ የተቆረጡ ደረጃዎችን፣ መድረሻ የሌላቸው መተላለፊያዎችን ያገኛል። አንድ ጊዜ ሰው በእግሩ ረግጦ ይገባባቸው የነበሩ በሮች ናቸው፤ ቆይቶ ሌላ ትውልድ መጥቶ ግቢውን ወደ ታች ዝቅ ሲያደርገው ተንጠልጥለው ቀሩ። ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል ዛሬ በጥልቅ ቦይ ላይ በተዘረጋ ድልድይ የሚገባበትም ለዚሁ ነው፤ የቀድሞ መግቢያው ከነወለሉ ተፈልፍሎ ሄዷል።

በሮም ከተማ ከኮሎሴም ብዙም ሳይርቅ የሚገኘውን የቅዱስ ቀሌምንጦስን ቤተ ክርስቲያን እዚህ ላይ ማንሳት እወዳለሁ። ጎብኚው በ12ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከተሠራው ቤተ ክርስቲያን ደረጃ ወርዶ በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ወደተሠራው ይገባል፤ ከዚያም ሥር የጥንት ሮማውያን ሕንፃዎችና ሚትራ የተባለው ጣዖት ይመለክበት የነበረ ክፍል አለ። ታችኛውን ቤተ ክርስቲያን ከአፈር ማውጣት የጀመሩት እ.ኤ.አ. በ1857 አየርላንዳዊው ካህን ጆሴፍ ሙሉሊ ነበሩ፤ እነሆ ዛሬም ላይ ቅዳሴ ይቀደሳል፣ ታች ጉብኝት ይካሄዳል፣ አንዱ ሌላውን ሳያውክ። ከሮም የምንቀዳው ሥርዓቱን ነው እንጂ አተራረኩን አይደለም፤ ምክንያቱም የእኛው ነገር የተገላቢጦሽ ነው። በሮም አንድ ደረጃ መውረድ ወደ ጥንቱ መሄድ ነው። በላሊበላ ግን ፍልፈላ ከላይ ወደ ታች ስለሚሄድ፣ ብዙውን ጊዜ ከፍ ብሎ የሚታየው ጥንታዊው ሲሆን እግራችን የሚረግጠው ወለል የኋለኛው ነው። ይህን አንድ ነገር በአንድ የተንጠለጠለ በር ሥር ቆሞ የሚያስረዳ አስጎብኚ፣ ጎብኚው ቀሪውን ቦታ በራሱ ዓይን እንዲያነብ ያደርገዋል።

የአርኪዮሎጂ ባለሙያዎች በዚህ ላይ ባዶ እጃችንን አልተዉንም። እንግሊዛዊው ዴቪድ ፊሊፕሰን ውቅሮቹ በአንድ ዘመን እንዳልተሠሩ፣ ቤተ መርቆሬዎስና ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤልም በመጀመሪያ ቤተ ክርስቲያን ሆነው እንዳልታነጹና ከንጉሥ ላሊበላ በብዙ መቶ ዓመታት ሊቀድሙ እንደሚችሉ ሐሳብ አቅርበዋል። የፈረንሳይና የኢትዮጵያ ተመራማሪዎች በበኩላቸው የፍልፈላውን ቅደም ተከተል ከግድግዳዎቹና ከፍልፈላው ከወጣው የድንጋይ ፍርፋሪ ክምር ላይ ለማንበብ ሞክረዋል። በዘመን ቆጠራው ላይ ሊቃውንቱ አይስማሙም፤ አለመስማማታቸውም ለጎብኚ ቢነገር ነውር የለበትም። ችግሩ የእነዚህ ጥናቶች አብዛኛው በእንግሊዝኛና በፈረንሳይኛ መታተሙ ነው። ላስታ ተወልዶ፣ ከልጅነቱ ጀምሮ ቦዮቹን ሲመላለስባቸው ያደገ አስጎብኚ፣ ስለ ገዛ ሰፈሩ የተጻፈውን ከውጭ አገር ቱሪስት አፍ ይሰማል። ይህ የአስጎብኚው ጥፋት እንዳልሆነ ልናገር እወዳለሁ፤ ብዙዎቹ በዲቁና ያለፉ፣ ገድሉንና ድርሳኑን ከእኔ ይልቅ የሚያውቁ ናቸው።

ከዚህ ጋር አብሮ የሚነሳ ስጋት አለ፤ የጥናቱ ቃል ቢነገር ትውፊቱን ይነካል የሚል። እኔ እንደዚያ አላምንም። መላእክት ሌሊት ሌሊት ከሠራተኞቹ ጋር ይፈለፍሉ እንደነበር፣ ቤተ አባ ሊባኖስን ንግሥት መስቀል ክብራ በመላእክት ረዳትነት በአንድ ሌሊት እንዳሠራችው የሚነገረው ከቦታው ጋር የኖረና ቦታውን ያኖረ ነው፤ ያለ እርሱ ላሊበላን ማስጎብኘት አይቻልም። ግን የቤተ አባ ሊባኖስ ጣሪያ ከላዩ ካለው አለት ሳይለይ እንደቀረ አሳይቶ፣ ጠራቢው በዙሪያው ዋሻ እየከፈተ እንዴት እንደዞረ ማስረዳት፣ የንግሥቲቱን ታሪክ ከመናገር የሚያግደው ምንድን ነው? ካህኑ ትውፊቱን፣ አስጎብኚው አለቱን ቢናገሩ ጎብኚው ሁለት ጊዜ ይጠቀማል።

ስለ ጨለማው መተላለፊያ ለብቻው ጥቂት ልበል። በቤተ ገብርኤል ወሩፋኤልና በቤተ መርቆሬዎስ አካባቢ ያለውና በአፈ ታሪክ ሲኦል የሚባለው ጠባብ መሿለኪያ፣ ግድግዳ በእጅ እየዳሰሱ በፍጹም ጨለማ የሚታለፍበት ነው። መብራት ይግባለት የሚል ሐሳብ አልፎ አልፎ ሲነሳ እሰማለሁ። እባካችሁ አታስገቡለት። ከጨለማው ወጥቶ ብርሃን ማየት የስፍራው ትምህርት ነው፤ የኤሌክትሪክ ገመድ በአለቱ ላይ መቸንከርም በቅርስነቱ አይመከርም። አደጋው ያለው ከጨለማው ሳይሆን ከብዛቱ ነው። ትልቅ ቡድን በአንድ ጊዜ ሲገባ ከፊት ያለው ይቆማል፣ ከኋላ ያለው ይገፋል፣ ሁሉም የስልኩን መብራት ያበራና የጨለማው ትርጉም ሳይቀር ይጠፋል። በአንድ ጊዜ የሚገባው ሰው ቁጥር ቢወሰን፣ አንድ አስጎብኚ ከፊት ሌላው ከኋላ ቢሄዱ፣ መሄድ ለሚቸግረው አረጋዊና አካል ጉዳተኛ ደግሞ በላይ በኩል የሚዞርበት መንገድ አስቀድሞ ቢነገረው ይበቃል።

ሌላው በቤተ ጊዮርጊስ ግቢ ግድግዳ ላይ በተፈለፈሉት ጎድጓዶች ውስጥ ያረፉት አጽሞች ጉዳይ ነው። እነዚህ በቅድስናው ቦታ ለማረፍ የፈለጉ ምእመናን ናቸው ተብሎ ይነገራል። ዛሬ የሰው እግር እያዩ የሚስቁ፣ ፎቶግራፍ አንስተው ወዲያው የሚያሠራጩ ጎብኚዎች አሉ፤ መብራት አብርተው «ኑ እዩ» የሚሉም አላጣሁም። በየትኛውም አጥቢያችን መቃብር ላይ የማንፈቅደውን በላሊበላ የምንፈቅድበት ምክንያት አይገባኝም። አጽሞቹ ፎቶግራፍ እንዳይነሱ ቢከለከልና ክልከላው በአማርኛና በእንግሊዝኛ በትንሽ ሰሌዳ ቢጻፍ ወጪው ከቁጥር የሚገባ አይደለም።

ለገና ሰሞን ካህናቱ በቤተ ማርያም ዙሪያ በአፋፉና በግቢው ተሰልፈው ቤዛ ኩሉ ሲያዜሙ፣ ከሩቅ አገር በእግሩ የመጣው ምእመን ቦዮቹን ይሞላቸዋል። በእነዚያ ቀናት የሚከፈልበት ጉብኝት ከመተላለፊያዎቹ ውስጥ ጨርሶ እንዲወጣ እጠይቃለሁ፤ ቱሪስቱ ሥርዓቱን ከአፋፍ ሆኖ ማየት ይችላል።

የድንጋይ ፍርፋሪው ክምርም አንድ ቃል ይገባዋል። አሥራ አንድ አብያተ ክርስቲያናትን ከነቦዮቻቸው ለማውጣት የተቆፈረው አለት የሆነ ቦታ መድፋት ነበረበት፤ ከፊሉ ዛሬም በአካባቢው ጉብታ መስሎ ይታያል። ለማያውቀው አፈር ነው፤ ቤት ይሠራበታል፣ ይቆፈራል፣ ለመንገድ መደልደያ ይጫናል። ለተመራማሪው ግን የትኛው ፍልፈላ ከየትኛው እንደቀደመ ከሚናገሩት ጥቂት ምስክሮች አንዱ ነው። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 ያለ ፈቃድ የቅርስ ቁፋሮ ማካሄድን ይከለክላል፤ ይሁንና ቅርስ መሆኑ ያልተነገረውን ጉብታ ማን ይጠብቀዋል? አስጎብኚው በጉብታው ፊት ቆሞ «ይህ ከቤተ ክርስቲያኑ ሆድ የወጣ ነው» ቢል፣ የሰፈሩ ሰውም ይሰማዋል።

ስለሆነም መሥሪያ ቤታችሁ ከገዳሙ አስተዳደርና ከአካባቢው አስጎብኚዎች ማኅበር ጋር ተቀምጦ፣ እስካሁን የተደረጉትን ጥናቶች በአማርኛ የሚያጠቃልል፣ ትውፊቱን በካህናቱ ቃል ጎን ለጎን የያዘ አንድ የማስጎብኛ መጽሐፍ እንዲያዘጋጅ በትሕትና እጠይቃለሁ። መጽሐፉ ቦዮቹን፣ የተንጠለጠሉትን በሮች፣ መተላለፊያዎቹንና የፍርፋሪውን ክምሮች በካርታ ያሳይ፤ ለሕዝብ የማይነገረውንና የማይታየውን፣ መቅደሱንና ዓምደ ብርሃንን የመሰለውን፣ ገዳሙ ራሱ ይወስን። በላሊበላ ጥናት የሚያካሂድ ማንኛውም የአገር ውስጥም ሆነ የውጭ ተቋም፣ ፈቃድ ሲሰጠው ውጤቱን በአማርኛ ለአስጎብኚዎቹ የሚያስረዳበት ቀን አብሮ እንዲመደብ ቢደረግ ደግሞ መጽሐፉ ሳያረጅ ይኖራል። ይህ ግዴታ ተመራማሪውን የሚከብደው አይመስለኝም።

በኮቪድ ወረርሽኝና እሱን ተከትሎ በመጣው ጦርነት አስጎብኚዎቹ ሥራ ፈትተው የከረሙበት ዘመን ነበር፤ ከፊሎቹ ወደ ሌላ ሥራ ገብተዋል፣ የቀሩትም እንግዳ እየጠበቁ ነው። ለሥልጠና ከዚህ የተሻለ ጊዜ አይገኝም፤ እንግዳው ሲበዛ ማንም ለትምህርት አይቀመጥም። ሥልጠናው በላሊበላ ከተማ እንዲሰጥ፣ የውሎ አበል እንዲኖረውና ከቤተ ክርስቲያን ሊቃውንት የተመረጡ መምህራን ከአርኪዮሎጂ ባለሙያዎች ጋር አብረው ቦይ ውስጥ ወርደው እንዲያስተምሩ እመክራለሁ፤ አዳራሽ ውስጥ በስላይድ የሚሰጥ ትምህርት ለዚህ ቦታ አይሆንም።

ለጥያቄዬ በጽሑፍ ምላሽ እንድትሰጡኝና፣ የማስጎብኛ መጽሐፉን ዝግጅት የሚመራው የሥራ ክፍል የትኛው እንደሆነ እንድታሳውቁን እጠይቃለሁ። የተማሪዎቼ ማስታወሻዎችና የቦዮቹ ንድፎች ለሥራው ከጠቀሙ ያለ ምንም ክፍያ ለማስረከብ ዝግጁ ነኝ።

ከታላቅ አክብሮት ጋር
አንድ የታሪክ መምህር

ግልባጭ፦
ለቱሪዝም ሚኒስቴር
ለላሊበላ ገዳም አስተዳደር
ለአካባቢው አስጎብኚዎች ማኅበር