የ«ሪንጉ»ው ሽማግሌ

ይድረስ ለውድ ወዳጄ፣

እንደምን ከርመሃል? እማማስ ደህና ናቸው? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ከተጠፋፋን ቆየን። ዛሬ ብዕር ያስነሳኝ ካንተ ሌላ ለማንም ባወራው የማይጥም ወሬ ነው።

«ሪንጉ»ን መቼም አትረሳውም። ሴትዮዋ ከቴሌቪዥን ውስጥ እየዳኸች የምትወጣበት የጃፓን ፊልም። ሁላችንም ስለዚያች ሴትዮ፣ ስለ ሳዳኮ ስናወራ፣ አንተ «ያ የደሴቱ ሽማግሌ ማነው?» ብለህ ነበር። አገኘሁልህ። ዮኢቺ ኑማታ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1924 ተወልዶ በ2006 ነው ያረፈው። አብዛኛውን ዕድሜውን ከዋናው ተዋናይ ጎን ቆሞ ሠርቷል።

በ1950ዎቹ ሺንቶሆ የሚባል ስቱዲዮ ውስጥ ነበር። ስቱዲዮው አቅም የለውም። ስለዚህ በርካሽ ወጪ መናፍስት፣ ወንጀልና የሴት ገላ እያሳየ ገበያ ይሻማል። ጃፓኖች የሙት መንፈስ ፊልም የሚያወጡት በሐምሌና በነሐሴ ሙቀት ነው፤ ድንጋጤ ያቀዘቅዛል ይላሉ። «ጂጎኩ»ም የወጣው በ1960 ሐምሌ ላይ ነው። ሲኦል ማለት ነው። አዘጋጁ ኖቡዎ ናካጋዋ ነው።

ሺጌሩ አማቺ ሺሮ የሚባል ተማሪ ሆኖ ይጫወታል። ኑማታ ደግሞ ጓደኛው ታሙራ ነው። ጓደኛ ልበለው እንጂ ሰውየው ሰይጣን ነው! ሌሊት መኪና እየነዳ አንድ ሰካራም ወሮበላ ይገጫል። አይቆምም። ሺሮ በፀፀት ሲቃጠል እሱ ቅንድቡ እንኳ አይነቃነቅም። ከዚያ በኋላ ሺሮ የሄደበት ሁሉ ሳይጠሩት ከች ይላል። የእያንዳንዱን ሰው ጉድ ያውቃል። የፊልሙ መጨረሻ ሲኦል ውስጥ ነው፤ ደሙ፣ እሳቱ፣ የሚቆራረጠው ገላ ለዚያ ዘመን የማይታመን ነው። እኔ ግን ከዚያ ሁሉ የታሙራን ፊት ነው የፈራሁት። ስቱዲዮው በቀጣዩ ዓመት ከሰረ።

አሁን ወደ ሽማግሌህ ልምጣ። በ1998 ሂዴዎ ናካታ «ሪንጉ»ን ሲሠራ ኑማታ ከሰባ ዓመት በላይ ሆኖታል። እዚያ ላይ የሚጫወተው ታካሺ የሚባለውን ሽማግሌ ነው፤ የሳዳኮ እናት ዘመድ ነው። የእናትየዋን ከሰው በላይ የሆነ ልዩ ስጦታ ገንዘብ አገኝበታለሁ ብሎ ለሰው ያሳወቀው እሱ ነው። እሷ ግን ተዋርዳ እሳተ ገሞራው አፍ ውስጥ ራሷን ጣለች። ባሕሩ ዳር ጥያቄ ሲያፋጥጡት ፊቱን ልብ ብለህ እየው። ታሙራ ያልተሰማው ፀፀት ሁሉ እዚያ ላይ አለ። ያ ትዕይንት ባይኖር የሳዳኮ ታሪክ ተራ የሙት መንፈስ ወሬ ሆኖ ይቀር ነበር ብዬ አምናለሁ። ክፉውን የጀመረው ጋኔን ሳይሆን የአንድ ዘመድ ስስት መሆኑን የሚያሳየን እሱ ነው። ለዚህም ጥቂት ደቂቃ ይበቃዋል።

ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ይህ ሰው አገር ላገር እየዞረ የሕዝብ ተረት ይተርክ ነበር። ታሙራ ተረት አባት ሆኖ ይታይህ! ይህን ሳውቅ በጣም ነው የወደድኩት።

«ጂጎኩ»ን ፈልገህ እየው። መጀመሪያ መኪናው ውስጥ ያለውን እይ፣ ከዚያ «ሪንጉ»ን ድገመው። አንተ ተዋናይ ታውቃለህና ምን እንደታየህ ጻፍልኝ። እማማን ሳምልኝ።

ያንተው ወዳጅ