ለእህት ዓለም፣ ስለ ጎማውና ስለ ሳድሱ

እህት ዓለም፣ እንዴት ሰነበትሽልኝ? ልጆቹስ ደኅና ናቸው? የሐዋሳ ሙቀትስ ተስማማሽ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነኝ። ደብረ ማርቆስም እንደምታውቂያት ናት፣ ማታ ማታ ብርዱ አይጣል ነው። ከተጻጻፍን ስንት ዘመን ሆነን! ኔትወርኩም፣ ኑሮውም፣ ልጅ ማሳደጉም መሀል ገባና ተጠፋፋን። ዛሬ ግን በአጭር መልእክት የማያልቅ ወሬ ስላለኝ አረፍ ብዬ ልጻፍልሽ አልኩ።

የፋሲካ ሰሞን ግቢያችን ውስጥ ጨዋታ አዘጋጅቼ ነበር። አሜሪካኖቹ ዊል ኦፍ ፎርቹን የሚሉትን ታውቂው የለ? ትልቅ የሚሽከረከር ክብ አለ፣ ሰሌዳ ላይ የተደበቀ አባባል አለ፣ ተጫዋቹ ክቡን አዙሮ ፊደል ይጠራል፣ ፊደሉ ካለ ይገለጥለታል። ሜርቭ ግሪፈን የሚባል ሰው ነው በ1975 እ.ኤ.አ. በቴሌቪዥን ያስጀመረው። ሐሳቡን ያገኘውም ልጅ ሆኖ ከእህቱ ጋር በመኪና ጉዞ ላይ ይጫወቱት ከነበረው ፊደል የመገመት ጨዋታ ነው ይላሉ። ይኼን ስሰማ ነው ልቤ የተነሳው። የቤተሰብ ጨዋታ ከሆነ እኛ ግቢ ምን ይከለክለዋል?

ጎማውን ልንገርሽ። የብስክሌት የፊት ጎማ ፈልጊ፣ የኋላው ጥርስና ሰንሰለት ስላለበት አይሆንም። ባሕር ዳር ብስክሌት የሚጠግን ልጅ አሮጌ ሰጠን። ላስቲኩን አውልቀን ቸርኬውን ብቻ ተውን፣ መሀሉ ላይ ያለውን ብረት ወፍራም አጣና ላይ በቡሎን አሰርነው፣ ፊቱን በክብ ኮምፔንሳቶ ሸፈንነው። የአሜሪካኖቹ ጎማ 24 ክፍል አለው፣ ለእኛ 12 በቂ ነው። ለመከፋፈል ማስያ አያስፈልግሽም። ክቡን ያሰመርሽበትን ገመድ ርዝመቱን ሳትቀይሪ ዳሩን ዙሪያውን ለኪው፣ ልክ 6 ቦታ ይሆንልሻል፣ እያንዳንዱን ለሁለት ስትከፍይው 12። በየድንበሩ ምስማር ትመቺያለሽ፣ ከሃይላንድ ፕላስቲክ ቀጭን ምላስ ቆርጠሽ ከላይ ትሰቅያለሽ። ያቺ ምላስ ምስማሩን እየነካች ጠ ጠ ጠ ስትል ልጆቹ ትንፋሻቸውን ይውጣሉ።

አንድ ነገር ግን አደራ። ጎማው አንድ ጎኑ ከከበደ ያ ጎን ሁልጊዜ ወደ ታች ይመጣል፣ ከላይ ምላሷ ስር የሚቆመውም ያው አንድ ክፍል ይሆናል። ይኼ ደግሞ አድልዎ ነው፣ ሕፃን ቶሎ ይነቃበታል። ምላሷን አንስተሽ በቀስታ አዙሪውና ተዪው፣ የት እንደሚቆም እይ፣ ደጋግሚው። ያው ክፍል ታች ከሆነ ከጀርባው፣ በትይዩው በኩል ሮንዴላ በፕላስተር ለጥፊ። በፈለገበት መቆም እስኪጀምር ድረስ ጨማምሪ።

አሁን ወደ ፊደሉ። ብዙ ያሰብኩበትም እሱን ነው። በእንግሊዝኛ 26 ፊደል ነው፣ አናባቢውን ደግሞ ተጫዋቹ በ250 ዶላር ይገዛል። የእኛ 33 ፊደል በየ7 ተባዝቶ 231 ነው፣ ዲቃላዎቹን ሳንቆጥር። አንድ ሰው «ቢ አለ?» ቢል፣ ሌላው «ቡ አለ?» ቢል፣ ሌሊቱ ይነጋል። ስለዚህ እንዲህ አደረግን። ተጫዋቹ የሚጠራው ዘሩን ነው። «የበ ዘር» ካለ፣ በ ይሁን ቡ ይሁን ብ ያለበት ቦታ ሁሉ ላይ «በ» ተብሎ በቀይ ጠመኔ ይጻፋል። ቀይ ማለት ዘሩ ታውቋል፣ ድምፁ ግን ገና ነው ማለት ነው። ከዚያ ነጥብ ያለው ቡድን ድምፁን ይገዛል። «ሳድስ እንገዛለን» ሲሉ ከቀዮቹ ውስጥ ሳድስ የሆኑት ብቻ በነጭ ጠመኔ ተስተካክለው ይጻፋሉ። ራብዕም፣ ሣልስም እንደዚያው።

«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር»ን ውሰጂ። 13 ፊደል ነው፣ 7ቱ ሳድስ ናቸው። ቁጠሪያቸው፦ ድ፣ ር፣ ብ፣ ር፣ ን፣ ስ፣ ር። ራብዕ 3፣ ግዕዝ 2፣ ሣልስ 1 ብቻ። አማርኛችን ሳድስ ይበዛዋል፣ ስለዚህ ሳድስን በ100 ነጥብ፣ ሌሎቹን በ50 አደረግናቸው። ልጆቹ ይኼን ሲደርሱበት ብታያቸው! ትምህርት ቤት በግድ የሚሸመድዱትን ግዕዝ፣ ካዕብ፣ ሣልስ፣ ራብዕ፣ ኃምስ፣ ሳድስ፣ ሳብዕ እዚህ እየተሻሙ ይጠሩታል።

ሞክሼዎቹ ላይ ክርክር ተነሳ። ጎረቤታችን የኔታ፣ ቅኔ ቤት ያደጉ ሰው ናቸው፣ «እሳቱ ሰ እና ንጉሡ ሠ እንዴት አንድ ይሆናሉ?» አሉ። እውነታቸውን ነው። ግን ልጆቹ በድምፅ ነው የሚጫወቱት። በመጨረሻ ተስማማን፦ ለመጥራት ሁለቱ ሰ አንድ፣ ሁለቱ አ አንድ፣ ሁለቱ ጸ አንድ፣ ሦስቱ ሀ አንድ። መልሱን ያገኘው ቡድን ግን በትክክለኛው ሆሄ ሰሌዳው ላይ ከጻፈው 20 ነጥብ ይጨመርለታል፣ ዳኛውም የኔታ ናቸው። ደስ አላቸው።

ጎማው ላይ ነጥቦች አሉ፣ «ተራ አለፈሽ» አለ፣ ያለሽን ሁሉ የሚወስድ «ባዶ» አለ። አንዱን ክፍል ግን ከልጅነታችን ነው ያመጣሁት። እንቆቅልሽ አልፈታ ሲለን «ሀገር ስጪኝ» እንባባል አልነበር? ጎማው «ሀገር ስጥ» ላይ ከቆመ ቡድኑ የነጥቡን ግማሽ ለፈለገው ቡድን ያስረክባል፣ ሲሰጥም ከተማ ጠርቶ ነው። «ቡሬን ሰጠናችሁ!» «እኛ ቡሬን አንፈልግም፣ ፍኖተ ሰላምን ስጡን!» ግቢው ቀወጠ። በብር ግን አልተጫወትንም፣ በዓል ላይ ቁማር አልወድም። ሽልማቱ ደብተርና ሳሙና ነበር፣ ለአሸናፊው ቡድን ደግሞ አንድ ኪሎ ስኳር።

ቡድኖቹን አዋቂና ልጅ ቀላቅዬ ነው የከፋፈልኩት። ይኼን አጥብቄ እነግርሻለሁ፣ ልጆችን ለብቻ አታድርጊ። «የከተማችን የድሮ ስም» ብዬ ባለ 5 ፊደል ስሰጥ ልጆቹ የረ ዘርን ጠሩ፣ መጨረሻ ላይ ሁለት ቦታ ተገለጠላቸው፣ ግን ዝም። አዋቂዎቹ ግን ወዲያው «መንቆረር!» አሉ። ልጆቹ ደብረ ማርቆስ ሌላ ስም እንደነበራት የሰሙት ያን ዕለት ነው።

እማሆይን ልንገርሽ። ግቢያችን የሚኖሩትን ማለቴ ነው፣ ማንበብ አይችሉም። መጀመሪያ «እኔ ምን አውቃለሁ፣ ልያችሁ» ብለው ጥግ ይዘው ነበር፣ አንድ የሦስተኛ ክፍል ልጅ ጎትቶ ቡድኑ ውስጥ አስገባቸው። ያ «ድር ቢያብር» ሰሌዳ ላይ በወጣበት ዙር የተገለጠው የረ ዘር ብቻ ነው፣ ሳድስ ገዙና ሦስቱም ነጭ ር ሆኑ። ከዚያ መብራት ጠፋ። ሻማ አበራን፣ ጎማው እንደሆነ መብራት አይፈልግም። ልጁ ጆሯቸው ላይ ተለጥፎ ያነብላቸዋል፦ «አራት ቃል ነው እማሆይ፣ አንደኛው ር ላይ ያልቃል፣ ሁለተኛውም ር፣ የመጨረሻውም ር፣ ሦስተኛው ግን አይታወቅም»። እሳቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ጉልበታቸውን በጣታቸው መታ መታ እያደረጉ ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሳሉ። ሌላው ቡድን ተራውን ሊወስድ ነው። ድንገት «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር!» አሉ። እልልታው ጎረቤት ድረስ ተሰማ። ከዚያ ምን አሉ መሰለሽ? «ያ ር የምትሉት የቱ ነው?» ልጁ እጃቸውን ይዞ ሰሌዳው ድረስ ወሰዳቸውና ሦስቱንም አንድ በአንድ አስነካቸው።

ለዚህ ነው እንድታዘጋጂው የምወተውትሽ። ጎማው ትርኢት ነው፣ ጨዋታውን የሚሸከመው አባባሉ ነው። ቤት የሚመታ፣ ከ10 እስከ 16 ፊደል ያለው፣ አያቶች የሚያውቁት፣ ልጆችም ሲሰሙት የሚገባቸው ምረጪ። ረጅም ከሆነ ይሰለቻል። ቦታም ጥሩ ነው፣ እኛ ግሽ ዓባይን፣ ጮቄ ተራራን፣ መርጡለ ማርያምን ተጠቅመናል። ሁሉንም አስቀድመሽ ወረቀት ላይ ጽፈሽ የየዘሩን ቁጥር አጠገቡ አስፍሪ፣ «በ ስንት ቦታ አለ?» ሲሉሽ እንዳትደናበሪ። ከተመልካች መልስ የሚያቀብል ካለ ያ ዙር ይሰረዛል ብለሽ ገና ስትጀምሪ ተናገሪ። እስከ 10 ቆጥረሽ መልስ ከሌለ ተራው ይለፍ። አዘጋጇ መልሱን ስለምታውቅ ፊቷ ይናገራል፣ ስለዚህ ሰሌዳውን እያየሽ አውሪ እንጂ ተጫዋቾቹን አትይ።

ለእንቁጣጣሽ ልንደግመው ነው፣ ተረት ግን እያለቀብኝ ነው። የብቸናዋ አያትሽ ማታ ማታ የሚነግሩን የነበሩትን ታስታውሻለሽ? አንቺ ነበርሽ በቃልሽ የምትይዣቸው። የቻልሽውን ያህል በድምፅ ቅጂና ላኪልኝ፣ እኔ ፊደላቸውን እቆጥራለሁ። በቤተሰቡ ቴሌግራም ግሩፕ ላይ ግን እንዳትለጥፊው፣ ለእኔ ብቻ ላኪው፣ ታናሽ እህትሽ ዘንድሮ በዓሉን እኛ ጋ ነው የምታሳልፈው፣ ከአንዱ ቡድንም ገብታለች።