የቅዳሜው ውይይት፦ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት አመሠራረት

ውድ አባላት፣

ቅዳሜ ከሰዓት በ8 ሰዓት አራት ኪሎ በተለመደው ክፍላችን ተገናኝተን ስለ አፍሪካ አንድነት ድርጅት አመሠራረት እንወያያለን።

ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. እዚሁ ከተማችን፣ አፍሪካ አዳራሽ ውስጥ የድርጅቱ መመሥረቻ ሰነድ፣ ቻርተሩ፣ ተፈረመ። የጋናው ፕሬዚዳንት ክዋሜ ንክሩማ የጋራ የአፍሪካ መንግሥት አሁኑኑ ይቋቋም አሉ። በኋላ ታንዛኒያ የሆነችው የታንጋኒካ ፕሬዚዳንት ጁሊየስ ኔሬሬ ደግሞ ደረጃ በደረጃ ይሁን ባይ ነበሩ። ፈጣን ውህደት የሚሹት የካዛብላንካ ቡድን አገሮችና ቀስ በቀስ መተባበርን የመረጡት የሞንሮቪያ ቡድን አገሮች ያን ሁሉ ልዩነት ይዘው አንድ ሰነድ ላይ መፈረማቸው ቀላል ነገር አይደለም፤ እኔን ዛሬም ያኮራኛል።

ቻርተሩን፣ በተለይ የድርጅቱን መርሆዎች የሚዘረዝረውን አንቀጽ 3ን፣ አንብባችሁ ኑ። በ1956 የድርጅቱ መሪዎች ካይሮ ላይ ከቅኝ ግዛት የተወረሱት ድንበሮች እንዲከበሩ መወሰናቸው ትክክል ነበር ወይ? ሰፊውን ጊዜ የምንሰጠው ለዚህ ነው።

የምትመጡ እስከ ሐሙስ ማታ እዚሁ አሳውቁን።