አሥራ ሁለቷ ማርክ

ለምትናፍቂኝ ጓደኛዬ፣

እንዴት ከረምሽ? ሁለት ዓመት ድምፄን አጥፍቼ ዛሬ "እንዴት ከረምሽ" ማለት እንደሚያሳፍር አውቃለሁ። ሥራ በዝቶብኝ ነው ብልሽ አታምኚኝም። እውነቱን ልንገርሽ፣ አንቺን አፍሬ ነው።

ማርክ ቀይሪ ሲሉሽ ቦርሳሽን አንጠልጥለሽ የወጣሽበት ቀን ትዝ ይልሻል? እኔ ቀየርኩ። የአንድ ልጅ ሒሳብ 48 ነበር፣ 60 አደረግኩት። ዳይሬክተሩ አልተቆጣኝም፣ አላስፈራራኝም። ወንበር ስቦ አስቀመጠኝና "ወላጆቹ ሦስት ልጅ ነው እዚህ የሚያስተምሩት፤ ደንበኛ እንዳናጣ" አለኝ። በቃ። ደንበኛ! ሮስተሩን ይዤ ወጣሁ።

ከዚያ ወዲህ የሌላውን አገር ታሪክ ማንበብ ጀመርኩ። (ሰበብ ፍለጋ ነው በይኝ።) ስዊድን እ.ኤ.አ. በ1992 ወላጅ ትምህርት ቤት ይምረጥ አለች፤ የመንግሥት ገንዘብም ልጁን ተከትሎ ወደ ግል ትምህርት ቤት መሄድ ጀመረ። ባለቤቶቹ ማትረፍ ይችላሉ። ማርክ የሚሰጠው ደግሞ እዚያው ያለው አስተማሪ ነው። እስቲ አስቢው፣ እያንዳንዱ ተማሪ ገንዘብ ይዞ ከመጣ በማርክ የሚሰስት ማን ነው? የማርክ ግሽበት እስከ ዛሬ ያጨቃጭቃቸዋል።

ቺሊ ደግሞ ባሰች። እ.ኤ.አ. በ1981፣ በወታደራዊው አምባገነን በፒኖቼ ዘመን፣ ተመሳሳዩን አደረገች። ትምህርት ቤቶቹ ልጅ ማማረጥ ያዙ። ወላጅ ይመርጣል የተባለው ተገልብጦ መራጩ ትምህርት ቤቱ ሆነ! ጎበዙንና መክፈል የሚችለውን ወሰዱ፣ የተረፈው ለመንግሥት ቀረ። ተማሪዎች በ2006 እና በ2011 አደባባይ ወጡ። በ2015 የመንግሥት ድጎማ የሚወስዱ ትምህርት ቤቶች እንዳያተርፉና ልጅ እንዳያማርጡ ሕግ ወጣ። ሠላሳ አራት ዓመት!

የግል ትምህርት ቤት ሁሉ ክፉ ነው አልልሽም፤ እንጀራዬም ከዚያው ነው። ግን ወላጅ ደንበኛ ከሆነ "ልጅዎ አልገባውም" የሚለው ማን ይሆናል?

ማርኩ በተለጠፈ ማግስት ልጁ የፈተና ወረቀቱን ይዞ መጣ። ጥያቄ በጥያቄ በእርሳስ ደምሮታል።

"ቲቸር፣ እኔ ስደምረው 48 ነው የሚመጣው።"

"እስቲ እንደገና አየዋለሁ" አልኩትና ተቀበልኩት። ይኸው መሳቢያዬ ውስጥ አለ። ልጁም ሁለተኛ አልጠየቀኝም።

አንቺ ብትሆኚ ምን ትይው ነበር? ጻፊልኝ።