የታሪክ ክበብ የዓመቱ ዘገባ፦ የሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲ ቡድን የ1959 ሻምፒዮንነት

የታሪክ ክበባችን የዘንድሮ ሥራውን በሙሉ ያዋለው በአንድ ቡድን የአንድ ዓመት ታሪክ ላይ ነው፤ ይኸውም በኒው ዮርክ ግዛት የሚገኘው የሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲ የአሜሪካ ፉትቦል ቡድን እ.ኤ.አ. በ1959፣ በእኛ አቆጣጠር በ1952 ዓ.ም.፣ አንድም ጊዜ ሳይሸነፍ የአገሩ ሻምፒዮን የሆነበት ወቅት ነው። ርእሱን የመረጡት አባላቱ ራሳቸው ናቸው። እኔም ምርጫቸውን የደገፍኩት የጨዋታ ውጤት በቁጥር ተመዝግቦ ስለሚቀር፣ በኋላ የሚነገረውን ትረካ ከመዝገቡ ጋር ማመሳከርን ለመለማመድ ለተማሪ አመቺ ነው ብዬ ስላመንኩ ነው።

የመጀመሪያው መንፈቅ ዓመት ያለፈው ጨዋታውን በመረዳትና ውጤቶቹን በማሰባሰብ ነበር። ኳስ በእጅ ተይዞ የሚሮጥበትና የሚወረወርበት ይህ ጨዋታ ለአብዛኞቹ አባላት እንግዳ በመሆኑ፣ የስፖርት መምህራችን ደንቡን ሜዳ ላይ አስረድተውልናል። አባላቱ ያዘጋጁት ሰንጠረዥ እንደሚያሳየው፣ በአሠልጣኝ ቤን ሽዋርትዝዋልደር የሚመራው ሲራኪዩስ በመደበኛው ውድድር ያደረጋቸውን 10 ጨዋታዎች በሙሉ ሲያሸንፍ 390 ነጥብ አስቆጥሮ የተቆጠረበት 59 ብቻ ነው፤ 5 ተጋጣሚዎች ምንም ነጥብ ሳያገኙ የተሸነፉ ሲሆን ኮልጌትማ 71 ለ0 ተረትቷል። ክበቡ ብዙ ጊዜ የወሰደበት ጨዋታ ግን ከእነዚህ አንዱ ሳይሆን፣ እስከዚያ ዕለት ካልተሸነፈው ከፔን ስቴት ጋር ተደርጎ 20 ለ18 የተጠናቀቀው ነው። ሁለቱም ቡድኖች ኳሱን ወደ ተጋጣሚው የመጨረሻ ክልል በማድረስ የሚገኘውንና 6 ነጥብ የሚያሰጠውን ተችዳውን ሦስት ሦስት ጊዜ አስቆጠሩ፤ ከዚያ በኋላ በሚሰጠው ተጨማሪ ዕድል ሲራኪዩስ ሁለት ነጥብ ሲጨምር፣ ፔን ስቴት ሦስቱም ሙከራዎቹ ከሸፉበት። ሰንጠረዡን እያየ ቡድኑ ያለ ችግር ሻምፒዮን የሆነ መስሎት የነበረ ተማሪ ሁሉ ሐሳቡን የለወጠው በዚህ ጨዋታ ነው።

በሁለተኛው መንፈቅ ዓመት ወደ ሰዎቹ ታሪክ ገባን። በቡድኑ ውስጥ ጥቁር አሜሪካውያን የነበሩት ኧርኒ ዴቪስ፣ አርት ቤከርና ጆን ብራውን ሦስቱ ብቻ ነበሩ። የዜና ወኪሉ አሶሺየትድ ፕሬስ በሚያሰባስበው የጋዜጠኞች ድምፅ ሻምፒዮንነቱ አስቀድሞ የተረጋገጠለት ቡድን ጃንዋሪ 1 ቀን 1960 ከመደበኛው ውድድር በኋላ በዳላስ ከተማ በተደረገው የኮተን ቦል ጨዋታ የቴክሳስ ዩኒቨርሲቲን 23 ለ14 ሲያሸንፍ፣ ገና የ20 ዓመት ወጣት የነበረው ዴቪስ ጨዋታው በተጀመረ በጥቂት ደቂቃዎች ውስጥ የተወረወረለትን ኳስ ይዞ 87 ያርድ ያስገኘውን ተችዳውን አስቆጠረ፤ የጨዋታው ኮከብም ተባለ። የዘር መለያየት በሠፈነበት በዚያ ከተማ ግን ይኸው ኮከብ ሽልማቱን ተቀብሎ ከግብዣው አዳራሽ እንዲወጣ ተነገረው። የክበባችን አባላት ይህን ካነበቡ በኋላ ለሳምንታት ሌላ ነገር መነጋገር አልቻሉም፤ እኔም ላቋርጣቸው አልፈለግሁም።

ከዚሁ ጋር ተያይዞ የዓመቱ ከፍተኛ ክርክር ተነሣ። ስለ ዴቪስ ሕይወት እ.ኤ.አ. በ2008 የተሠራው ፊልም፣ ሲራኪዩስ ዌስት ቨርጂኒያን የገጠመው በተጋጣሚው ሜዳ በሞርጋንታውን እንደሆነና ጥቁሮቹ ተጫዋቾች በተመልካቹ እንደተዋረዱ አድርጎ ያሳያል። በመዝገቡ መሠረት ግን 44 ለ0 የተጠናቀቀው የዚያ ዓመት ጨዋታ የተካሄደው በሲራኪዩስ ከተማ በአርችቦልድ ስታዲየም ነው። አንዲት የ11ኛ ክፍል አባል፣ ዘረኝነቱ በእውነት የነበረ በመሆኑ ቦታው ቢለወጥ ጉዳት የለውም ስትል አጥብቃ ተከራከረች፤ ሌሎች ደግሞ አንድ ከተማ በሕዝቡ ፊት ባልተደረገ ጨዋታ ሊወቀስ አይገባም አሉ። የእኔ እምነት ከኋለኞቹ ጋር ነው፤ በዳላስ የደረሰው በደል ለብቻው በቂ ስለሆነ ማጠናከሪያ የሚሆን ፈጠራ አያስፈልገውም፤ ፈጠራው ሲጋለጥም ተጠራጣሪው እውነተኛውን በደል ጭምር እንዲክድ ምክንያት ያገኛል። የተማሪዋ ክርክር ግን በሚገባ የተዘጋጀ ስለነበር በሚኒ ሚዲያ ለመላው ተማሪ እንዲቀርብ አድርገናል።

ሥራው በወላጆች ቀን በግድግዳ ጋዜጣ ቀርቧል። ጋዜጣው በመዝገብ የተረጋገጠውን በአንድ ዓምድ፣ ምስክሮች የሚለያዩበትን፣ ለምሳሌ የኮተን ቦሉ የመጀመሪያ አጋማሽ ሲያበቃ የተነሣውን ጠብ፣ በሌላ ዓምድ ለይቶ አስቀምጧል። በመጨረሻም ዴቪስ እ.ኤ.አ. በ1961 ለዓመቱ ምርጥ የዩኒቨርሲቲ ተጫዋች የሚሰጠውን የሃይዝማንን ሽልማት ያገኘ የመጀመሪያው ጥቁር ተጫዋች እንደሆነና እ.ኤ.አ. በ1963 በደም ካንሰር በ23 ዓመቱ እንዳረፈ ተጽፏል።

በሚቀጥለው ዓመት ክበቡ በዚሁ ዘዴ የሚያጠናው በ1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ኢትዮጵያ የተባበረችውን ዐረብ ሪፐብሊክ (ግብፅን) 4 ለ2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ያገኘችበትን ጨዋታ ነው። ጨዋታውን በስታዲየም ተገኝተው የተመለከቱ አያቶች ወይም የቤተሰብ ወዳጆች ያሏችሁ ተማሪዎች፣ በመስከረም ወር ለክበቡ ጸሐፊ እንድታስታውቁ በትሕትና እጠይቃለሁ።