ሩላደን በ30 ደቂቃ? ኧረ በፍጹም!

ለዝግጅት ክፍሉ፣

የምግብ አምዳችሁ ላይ ስለ ጀርመኖች ሩላደን፣ ማለትም ተጠቅልሎ ስለሚበስለው የበሬ ሥጋ፣ የወጣውን አነበብኩ። ደስ ይላል፤ ግን «በ30 ደቂቃ ይደርሳል» የምትለዋ አልተዋጠችልኝም። እኔ ጀርመን፣ ኮሎኝ ከተማ ነው የምኖረው፣ ያስተማሩኝ ጎረቤቴ የሆኑ አንዲት እናት ናቸው፣ እሳቸው ጋ እሑድ ምሳ ሩላደን ካለ ድስቱ ከረፋዱ ጀምሮ ተጥዷል።

ሥጋው ከታፋ በኩል በስሱ የተቆረጠ የበሬ ሥጋ ነው። ሰናፍጭ ይቀባል፣ ሽንኩርት ይደረግበታል፣ ኮምጣጤ ውስጥ የቆየ ኪያርም ይጨመርበታል፣ ከዚያ ተጠቅልሎ በክር ይታሰራል። ጀርመኖቹ የአሳማ ሥጋም ይጨምራሉ። እኔ በእሱ ፋንታ በጭስ የደረቀ የበሬ ሥጋ አስገባለሁ፣ ምንም አልጎደለበትም።

ዋናው ነገር ስጎው ነው፣ እናንተ ግን በአንድ መስመር አለፋችሁት! ጥቅሉ በንጥር ቅቤ (ቅመም የሌለበት ይሁን፣ ኮረሪማ የገባበትን ሞክሬ ሌላ ምግብ ሆኖብኛል) ዙሪያውን በደንብ ቡናማ እስኪሆን ይጠበሳል። ከዚያ ይወጣና ካሮት፣ ሽንኩርትና የቲማቲም ድልህ ይቁላላል። ድስቱ ቂጥ ላይ የያዘውን፣ እኛ «አረረ» ብለን የምንዘፈዝፈውን፣ ቀይ ወይን ጠብ አድርጎ በእንጨት ማንኪያ መፋቅ ነው፤ የስጎው ጣዕም ያለው እዚያ ነው። መረቅ ተጨምሮ፣ ሥጋው ተመልሶ፣ ተከድኖ በቀስታ እሳት አንድ ሰዓት ተኩል፣ አንዳንዴም ሁለት ሰዓት ይፈላል። በ30 ደቂቃ የወጣ ሩላደን ጫማ ነው የሚሆነው።

ከቀይ ጥቅል ጎመንና ከድንች ጋር ይበላል። ክሩን መፍታት ግን እንዳትረሱ፣ እኔ አንዴ ለእንግዳ ከነክሩ አቅርቤ አፍሬያለሁ።

አንባቢያችሁ፣ ከኮሎኝ